አሥራ አራት አይወጣም

ደብረ ታቦር፣ ነሐሴ ፲፰ ቀን በዘመነ ማቴዎስ

ለቄስ አስረስ፣ ጉና።

ሰላምታዬን አጥብቄ ልኬልሃለሁ። ከሰላምታው በታች ያለው አይጣፍጥህምና ይህችን መስመር ሁለት ጊዜ አንብባት። እኔ ከጉልበቴ በቀር ደኅና ነኝ፤ ጉልበቴ በክረምት እንዴት እንደሚያደርገኝ ታውቃለህ።

ደብዳቤህን ጨው ነጋዴው ዘውዱ አደረሰልኝ። ሰውየው ሦስት ወንዝ ተሻግሮ፣ እስከ ብብቱ ረጥቦ፣ ወረቀቷን ግን በአገልግል ውስጥ ደብቆ ደረቅ አድርጎ አምጥቷታል። እሱ እሳት ዳር ሲደርቅ እኔ ከፈትኋት። የመጪው ዓመት ጾምና በዓል የሚሰላበት ቁጥር፣ መጥቅዑ፣ አሥራ አራት ወጣልኝ፤ እንግዲህ ጾመ ነነዌን በጥር ላውጅ ወይስ በየካቲት ትለኛለህ።

አሥራ አራት አልህ። አራት ዓመት ከእግሬ ሥር ተቀምጠህ ባሕረ ሐሳብ ተምረህ አሥራ አራት አልህ። ወረቀቷን መሬት ላይ ጣልኋት። ዘውዱም ሰው የሞተብኝ መስሎት "እግዚአብሔር ያጥናዎ" አለኝ።

እንግዲህ ስማ፤ ይህን ስንት ጊዜ እንደ ነገርሁህ አንተም እኔም አንቍጠረው። ዓመቱ ተሰልቶ የሚያርፍበት ወንበር አሥራ ዘጠኝ ብቻ ነው፤ ከባዶው ወንበር ጀምሮ እስከ አሥራ ስምንተኛው። ከእያንዳንዱ ወንበር አንድ መጥቅዕ ይወጣል። ወንበሩ አሥራ ዘጠኝ ከሆነ መጥቅዑም አሥራ ዘጠኝ ነው። ወሩ ሠላሳ ቀን ስላለው ሠላሳውም ቁጥር ይወጣል ያለህ ማነው? አሥራ ዘጠኝ እንግዳ ጠርተህ ሠላሳ ሰው ከገበታህ ላይ ብታገኝ፣ አሥራ አንዱ የማን ናቸው ብለህ አትጠይቅምን?

የሚወጡትን ልጻፍልህና ከምታስቀድስበት ቦታ ለጥፋቸው፤ ሠላሳ፣ ሃያ ዘጠኝ፣ ሃያ ሰባት፣ ሃያ ስድስት፣ ሃያ አራት፣ ሃያ ሦስት፣ ሃያ አንድ፣ አሥራ ዘጠኝ፣ አሥራ ስምንት፣ አሥራ ስድስት፣ አሥራ አምስት፣ አሥራ ሦስት፣ አሥራ ሁለት፣ አሥር፣ ስምንት፣ ሰባት፣ አምስት፣ አራት፣ ሁለት። በቃ። ከአሥራ አራት በላይ ያለው በመስከረም ይውላል፣ ነነዌንም ከጥር ጀምረህ ትቆጥራታለህ። ከአሥራ አራት በታች ያለው በጥቅምት ይውላል፣ ነነዌም በየካቲት ትገባለች። መካከለኛውን ቁጥር እግዚአብሔር ባዶ የተወው እንደ አንተ ያለ ሰው ግራ እንዳይገባው ነበር፤ አንተ ግን ሄደህ እዚያው ላይ ተቀመጥህ።

ጫፍና ጫፉንም እወቅ። ነነዌ ከጥር አሥራ ሰባት ቀድማ አትገባም፤ ከየካቲት ሃያ አንድ አታልፍም። ፋሲካም ከመጋቢት ሃያ ስድስት በፊት፣ ከሚያዝያ ሠላሳ በኋላ የለም። የሚገባውን ቁጥር ያወቀ ሰው፣ ሊወጣ የሚችለውን ሳያሰላ ያውቃል። ከዚህ ውጭ የሆነ ነገር ካገኘህ ተሳስተሃል ማለት ነውና ሰው አትላክ፤ ራስህን ገሥጽ።

ስሌትህን አርመው። አካሄዱን አልደግምልህም፤ ልጅ ለመዳር የደረሰ ሰው ፊደል አይቆጠርለትም። እኔ ያገኘሁትንም አልነግርህም፤ ብነግርህ ከርሞ ደግሞ ትጠይቀኛለህ። የምታገኘው ከአሥራ ዘጠኙ አንዱ ከሆነ፣ ለቅዱስ ዮሐንስ ዐውጅና ተገላገል። ልክ መሆኑን ለማረጋገጥ ብለህ ደግሞ ይህን ምስኪን ነጋዴ በጎርፍ ውስጥ አትስደደው። እስከ ፋሲካ ድረስ ስለ ቁጥር አንድ ቃል ከአንተ መስማት አልሻም።

ገበዙ ሞላ "አስረስ ዘንድሮም በቀን ቆጠራ ከተንተባተበ የሚያርሰው የቤተ ክርስቲያን መሬት ለሌላ ቄስ ይሰጥ" ማለቱን ጽፈሃል። እኔ በገበዙ ቦታ ብሆን አምና ነበር የምለው። ለሚስትህ ለፈንታነሽና ለልጅህ ለጽጌረዳ ሰላም በልልኝ።

መሪጌታ ወልደሚካኤል


ጉና፣ መስከረም ፫ ቀን በዘመነ ማርቆስ

ይድረስ ለመምህሬ ለመሪጌታ ወልደሚካኤል። ከማቴዎስ ወደ ማርቆስ ላሸጋገረዎ አምላክ ክብር ይግባው፤ ጉልበትዎንም ይማርልን። እኛ ከብርዱ በቀር ደኅና ነን። ገብሱ አሽቷል፤ በጎቹ ግን ከዝናቡ የተነሣ ያስላሉ።

ስለ አሥራ አራቱ እግርዎ ላይ ወድቄ ይቅርታ እጠይቃለሁ። ደብዳቤዎ ከደረሰኝ ጀምሮ ሁለት ቀን እህል አልበላ ብሎኝ ነበር። በሦስተኛው ቀን ስሌቱን ይዤ ተቀመጥሁና ስሕተቴን አገኘሁት፤ ሳባዛ አንድ አሥር በላዩ ጨምሬ ኖሯል። አሥሩን ስጥል ቁጥሩ ከአሥራ ዘጠኙ አንዱ ሆነ። ከጻፉልኝ ላይ ጣቴን አስቀምጬ አየሁት። ፈንታነሽንም ጠርቼ አሳየኋት፤ ማንበብ ባትችልም ደስ አላት። ከዚያ ነነዌንም ፋሲካንም አወጣሁና ከጫፍና ከጫፍ ጋር አስተያየሁ፤ ሁለቱም መካከል ገቡልኝ። ቁጥሩ ይህ ነው ብዬ ልጽፍልዎ ብዕሬን አነሣሁና ትእዛዝዎ ትዝ ቢለኝ ተውሁት። ከእንግዲህ በቁጥር አላስቸግርዎትም።

በቅዱስ ዮሐንስ ዕለት ከቅዳሴ በኋላ ዐወጅሁ። ከእኛ በታች ያሉት ሁለቱ አጥቢያዎች ጾምና በዓል የሚሰሙት ከእኛ ስለሆነ ሰዎቻቸው በጭቃ መጥተው ቆመው ነበር። ድምፄ አልተንቀጠቀጠም። ገበዙ አባ ሞላ እንኳ "ዘንድሮስ ሰው ሆነ" ብለው በሰው ፊት ተናገሩልኝ። መሬቱ ከእኔ አይወጣም ማለት ነው። ይህ ሁሉ የእርስዎ ነው፤ ሰው ተቆጥቶ የሚያስተምረው ይበልጥ ይገባል መሰለኝ።

ሌላም ወሬ አለኝ። ከእብናት በላይ ያሉት አያ ይርጋ ለልጃቸው ለደሳለኝ ጽጌረዳን ሽማግሌ ልከው ጠይቀውናል። ደግ ቤት ነው፤ ልጁም በሬ ከመጥመድ ሌላ ዳዊት ይደግማል። እሺ ብለናል። ቀኑን እንዳወጅሁት ጾም አይተን እንቆርጣለን። በእርስዎ ቡራኬ እንጂ ያለ እርስዎ አይሆንምና ከወዲሁ ጉልበትዎን ያባብሉልን።

ልጅዎ ቄስ አስረስ


ደብረ ታቦር፣ ጥቅምት ፳ ቀን በዘመነ ማርቆስ

ለቄስ አስረስ፤ ሰላም ለቤትህ ይሁን።

የላክኸው ማር ደርሷል፤ ግማሹን ደቀ መዛሙርቱ ሳላይ ጨርሰውታል። ዘንድሮ አሥራ አንድ ናቸው፤ አሥራ አንዱም ከአንተ የባሱ ናቸው፣ ይህን በምስጋና ቍጠረው። በቅሎ ልላክልዎ ወይ ላልኸው፣ ገና ካለፈ በኋላ እናያለን። በቅሎ ጉልበት ለታመመ ሰው ትሆናለች የሚል በቅሎ ላይ ወጥቶ የማያውቅ ነው።

"እንደ ታዘዝሁት ስለ ቁጥር አልጽፍም" የምትለዋን ቃል በየደብዳቤህ መድገም አያስፈልግም። አንድ ጊዜ ሰምቻለሁ። ያገኘኸውን ልጠይቅህ ሁለት ጊዜ ብዕር አንሥቼ መልሼ አስቀምጫለሁ። እስከ ፋሲካ ብያለሁ፣ እስከ ፋሲካ ነው። መምህር ደቀ መዝሙሩን የሚያምንበት ቀን ይመጣል ይላሉ። እኔ በሃያ ሰባት ዓመት አላየሁትም፤ ዘንድሮ ልሞክረው።

መሪጌታ ወልደሚካኤል


ጉና፣ ታኅሣሥ ፲ ቀን በዘመነ ማርቆስ

ለአባቴና ለመምህሬ፣ እንዴት ከረሙ? የጠየቁኝ ሳል ለቆኛል። የፈንታነሽ እናት ግን በኅዳር ሚካኤል ማግሥት ዐርፋለች፤ ቀብሩና ልቅሶው ስለያዘን ሳልጽፍ ቆየሁ። ይቅር ይበሉኝ።

አሁን ደስ የሚለውን ልንገርዎ። የጽጌረዳ ሠርግ ተቆርጧል። የካቲት አሥራ አምስት ቀን እሑድ ነው። አያ ይርጋ አንድ ወይፈን ለብቻው አስረው እየቀለቡ ነው፤ ሁለቱ አጥቢያዎችም ከእኛ ጋር ይጠራሉ። ፈንታነሽ ለጠላው ጌሾ ሰብስባለች። አራት ሌሎች ቤቶችም ልጆቻቸውን በዚያው ሰሞን ይድራሉ፤ ከነነዌ በኋላ፣ ዐቢይ ጾም ሳይገባ ብለው ነው። በቅሎዋን የካቲት አሥራ ሁለት እልካለሁ፤ ዘውዱ ራሱ እየሳበ ያመጣዎታል።

ዘውዱ በኅዳር ከከተማ ሲመለስ አንድ የማይመስል ወሬ ይዞ መጥቶ ነበር። የነጋዴ ወሬ ስለሆነ አልጽፈውም። ለመሆኑ ግን በደብረ ታቦር የዘንድሮ ሠርግ የሚበዛው በየትኛው ሳምንት ነው? ለሌላ ነገር አይደለም፣ እንዲሁ ለማወቅ ያህል ነው። ካልተመቸዎት አይመልሱልኝ።

ጽጌረዳ እጅዎን ትስማለች። ከበቅሎዋ ላይ ሲወርዱ የምትደግፍዎ እኔ ነኝ ብላለች።

ልጅዎ ቄስ አስረስ


ደብረ ታቦር፣ ታኅሣሥ ፲፮ ቀን በዘመነ ማርቆስ

አስረስ፤ ሰላምታው ይቆየኝ። ለፈንታነሽ ግን እግዚአብሔር ያጽናሽ በልልኝ፤ እሷ ምንም አልበደለችም።

የካቲት አሥራ አምስት። ሦስት ጊዜ አነበብሁት። ጽሕፈትህ እንደ ዶሮ ጭረት ስለሆነ ጥር ይሆናል ብዬ ወደ ብርሃን አወጣሁት፤ የካቲት ነው። ዐቢይ ጾም ዘንድሮ የሚገባው የካቲት ሁለት ቀን ሰኞ ነው። አንተ ልጅህን በጾሙ በሁለተኛው ሳምንት ልትድር፣ ወይፈን ልታሳርድ፣ የሦስት አጥቢያ ሕዝብ ጠርተህ ሥጋ ልታበላ ነው። አራት ቤት ደግሞ በአንተ ቃል ተከትሎሃል። አወቅሽ አወቅሽ ቢሏት የባሏን መጽሐፍ አጠበች።

አሁን አካሄዱን እጽፍልሃለሁ፤ ተቀምጠህ አንብብ። ዓመተ ዓለሙ ሰባት ሺህ ሦስት መቶ ሃምሳ ነው። በአሥራ ዘጠኝ አካፍለህ ስትገድፈው አሥራ ስድስት ይተርፋል። ከአሥራ ስድስቱ ላይ፣ ለያዝነውና ገና ላላለቀው ዘመን አንድ ታነሣለህ። የሚቀረው ወንበር አሥራ አምስት ነው። እሱን በአሥራ ዘጠኝ አባዝተህ በሠላሳ ስትገድፍ መጥቅዕ አሥራ አምስት ይወጣል። ከአሥራ አራት በላይ ነውና በመስከረም ይውላል። መስከረም አሥራ አምስት ሐሙስ ነበር፤ የሐሙስ ጭማሪ ሦስት ነው። አሥራ አምስትና ሦስት አሥራ ስምንት። ነነዌ ጥር አሥራ ስምንት ሰኞ ትገባለች። ከዚያ በአሥራ አራተኛው ቀን ዐቢይ ጾም። ፋሲካ መጋቢት ሃያ ሰባት።

አንተ ያደረግኸውን ሳትነግረኝ ደረስሁበት። አንዷን ሳታነሣ አሥራ ስድስቱን እንዳለ ወንበር አደረግኸው። ስለዚህ አራት ወጣልህ፤ ነነዌም የካቲት ዘጠኝ ሆነችልህ። አራት ከአሥራ ዘጠኙ አንዱ ነው። የካቲት ዘጠኝም ከጫፍና ከጫፍ መካከል ነው። ሁሉም ሊወጣ የሚችል ቁጥር ነው፤ የሚወጣው ግን ዘንድሮ አይደለም። የከርሞን መጥቅዕ ለዘንድሮ ሰጥተሃቸዋል።

ደግሞ "ከአሥራ ዘጠኙ አንዱ ከሆነ ዐውጅ ብለውኝ ነበር" እንዳትለኝ። ብያለሁ። ያልሁት መንገዱን ለሚያውቅ ሰው ነው። ዝርዝሩ የሚያገለግለው የማይሆነውን ለመጣል ነው፤ ሊሆን ከሚችለው መካከል የሆነው የትኛው እንደሆነ አይነግርህም። ይህን ለማወቅ መምህር አያስፈልግም።

ቀድሞ ነበር እንጂ መጥኖ መደቆስ፣ አሁን ምን ያደርጋል ድስት ጥዶ ማልቀስ። ሆኖም ጊዜ አለህ። ጥር አሥራ አንድ ጥምቀት ነው፤ ሦስቱም ታቦት ወርዶ ሦስቱም አጥቢያ በአንድ ወንዝ ዳር ይቆማል። በዚያ ተነሥተህ ተሳስቻለሁ በል። ከዚያ ካለፈ ሕዝቡ ተበትኖ አንዱ ሲጾም አንዱ ይበላል። ገበዙ መሬቱን እንደሚነጥቅህ፣ አያ ይርጋም ቀን የማያውቅ ቄስ ልጅ አልፈልግም ሊል እንደሚችል አውቃለሁ። ቢሆንም ትናገራለህ። መልስህን በዚሁ በዘውዱ ላክልኝ።

መሪጌታ ወልደሚካኤል


ደብረ ታቦር፣ ጥር ፫ ቀን በዘመነ ማርቆስ

ለቄስ አስረስ።

ገና አለፈ፣ መልስ የለም። ዘውዱ "በእጃቸው ነው የሰጠኋቸው" ብሎ ምሎልኛል። ሲያነበው ፊቱ ምን ይመስል ነበር አልሁት። "አጥፈው ከጥምጥማቸው ሥር አስገቡትና ወደ በጎቹ ሄዱ" አለኝ። በጎቹ መጥቅዕ ያወጡልህ እንደሆነ ንገረኝ፣ እኔም በዚህ ያሉትን አሥራ አንዱን አሰናብቼ በግ ልግዛ።

ያን የማይመስል ወሬም ከዘውዱ አፍ አውጥቻለሁ። በኅዳር "በከተማ ነነዌን የሚጠብቁት በጥር ነው" ብሎህ ኖሯል። በኅዳር ሰምተህ በታኅሣሥ ወይፈን ታስቀልባለህ፤ ከዚያ ደግሞ ሠርግ የሚበዛው በየትኛው ሳምንት ነው ብለህ በጎን ትጠይቀኛለህ። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም። ለምን በግልጽ አልጠየቅኸኝም? ከጉና ደብረ ታቦር የአንድ ቀን መንገድ ነው። ለምን?

ጥምቀት ስምንት ቀን ቀርቶታል። ካልተናገርህ በበቅሎም በቃሬዛም ቢሆን እኔው እመጣለሁ።

መሪጌታ ወልደሚካኤል


ጉና፣ ጥር ፲፫ ቀን በዘመነ ማርቆስ

ለመምህሬ ለመሪጌታ ወልደሚካኤል።

ለምን አልጠየቅኸኝም ብለዋል። እንዳልጠይቅ አዝዘውኝ ነበር። ይህን ስጽፍ ልወቅስዎ አይደለም፤ ብቻ ከዚህ በታች ካለው ጋር እንዲያነቡት ነው። በኅዳር ዘውዱ ሲነግረኝ ሌሊቱን አልተኛሁም። ደብዳቤ ጀመርሁ። ወረቀቴን መሬት ላይ ሲጥሉት እየታየኝ ቀደድሁት።

ተናግሬአለሁ። ቃሬዛ አያስፈልግም። በጥምቀት ዕለት ውሃው ተባርኮ ሕዝቡ ከተረጨ በኋላ ከድንጋይ ላይ ወጣሁ። ነነዌ በየካቲት ያልኋችሁ ስሕተት ነው፣ የዛሬ ሳምንት ሰኞ ነው፤ ዐቢይ ጾምም የካቲት ሁለት ይገባል አልኋቸው። አንዱ ሳቀ። ሌላው "ዘንድሮ የከርሞውን ነግሮን ይሆናል" አለ። ይህን ሲል እውነት እንደ ተናገረ አላወቀም።

ከዚያ አያ ይርጋ ወደ ፊት መጡ። አልተቆጡም፤ ቢቆጡ ይሻለኝ ነበር። "ቄስ፣ ልጅ ለልጅ ልንሰጣጥ ነው፣ አንድ ነገር ብቻ ንገረኝ። የተሳሳተው ማነው?" አሉ። አባ ሞላ ከጎናቸው ቆመዋል። ጽጌረዳ ከሴቶቹ መካከል ቆማለች። ድግሱም፣ መሬቱም፣ ልጄም በአንድ ቃል ላይ ተንጠለጠሉ። አፌን ከፈትሁና "መምህሬ ናቸው" አልሁ።

በዚያ አላበቃሁም። የነሐሴውን ደብዳቤዎን ከጥምጥሜ ሥር አውጥቼ ዘረጋሁት። "ይኸው፣ አራት ብለው ጽፈውልኛል" ብዬ አራትን አሳየኋቸው። አባ ሞላ አነበቡት። አሥራ ዘጠኝ ቁጥር ተደርድሮ እያዩ "ጽሕፈቱ የመሪጌታ ነው" ብቻ አሉ። የሰዉ ቁጣ ሁሉ በአንድ ጊዜ ከእኔ ወደ እርስዎ ዞረ። "የከተማ ሊቅ የቆላ የደጋውን ጾም መች ያውቃል" እያሉ ለእኔ አዘኑልኝ። አያ ይርጋም ትከሻዬን መታ መታ አደረጉና ሠርጉ ጥር ሃያ አራት እሑድ ይሁን አሉ። ሌሎቹም አራቱ ቤቶች ቀናቸውን ወደዚያው አመጡ። ጠላው ሳይበስል ይጠጣል እንጂ ጾሙ አይሻርም።

ስንመለስ ጽጌረዳ በመንገድ ላይ አጠገቤ እየሄደች "አባዬ፣ እውነት እሳቸው ናቸው?" አለችኝ። በቅሎዋን የምነዳ መስዬ ቀደምኋት። እስከ ዛሬ አልመለስሁላትም።

ስሜን አድኜ ስምዎን አጠፋሁ። ወሬው ከደብዳቤዬ ቀድሞ እንደሚደርስዎ አውቃለሁ። በዐቢይ ጾም መግቢያ ወርጄ በደብርዎ በር ላይ ቆሜ እውነቱን እናገራለሁ። ከሠርጉ በፊት ና ካሉኝም እመጣለሁ፤ አያ ይርጋ ቢሰሙና ሠርጉ ቢፈርስም ይፍረስ። የሚያዝዙኝን እጠብቃለሁ።

በደለኛ ልጅዎ አስረስ


ደብረ ታቦር፣ ጥር ፳፩ ቀን በዘመነ ማርቆስ

ለቄስ አስረስ።

ነነዌን ጾመን ትናንት ጨረስን። አንተም ጾመሃል ብዬ አምናለሁ። መልሴ የዘገየው ሦስት ደብዳቤ ጽፌ ሦስቱንም ስለ ቀደድሁ ነው።

ወሬው ቀድሞህ ደርሷል። ባለፈው ገበያ አንዲት ሽንኩርት የምትሸጥ ሴትዮ ሳልጠይቃት "አባ፣ ዘንድሮ ፋሲካ መቼ ነው?" አለችኝና ጓደኞቿ ሳቁ። ሁለት ደቀ መዛሙርት የጾም ቀን ከሚሳሳት ሰው ሒሳብ አንማርም ብለው ስንቃቸውን አንሥተው ወደ ጎንደር ሄደዋል። ከሁለቱ አንዱ ደህና ራስ ነበረው። ሃያ ሰባት ዓመት አንድ ቀን ሳላዛንፍ ቈጥሬ፣ በአንተ አፍ በአንድ ጥምቀት ተሳሳትሁ።

እንዴት እንደ ተናደድሁ አልጽፍልህም፤ ወረቀቱ ውድ ነው። በመጀመሪያው ደብዳቤ ዛሬውኑ ተነሥተህ ና ብዬህ ነበር። በሁለተኛውም። በሦስተኛው ደግሞ ስሌትህን በራስህ ጽሕፈት መልሼ ልልክብህ አሰብሁ፤ ያ አሥራ አራት ያልህበትን የነሐሴ ወረቀት፣ ሠርገኛው ሁሉ እንዲያየው። በመጽሐፌ ማኅደር ውስጥ ስፈልግ አገኘሁት።

ስሌቱ አራት መስመር ነው። አንደኛው ላይ ዓመተ ዓለሙን ጽፈሃል። ሁለተኛው አሥራ ስድስት ተረፈ ይላል። ሦስተኛው ወንበር አሥራ ስድስት ይላል። አራተኛው መጥቅዕ አሥራ አራት። ሦስተኛውን መስመር በጉልህ ነው የጻፍኸው፤ የዶሮ ጭረት እንኳ አይደለም። ማንም ያነበዋል።

በነሐሴ ይህ ወረቀት በእጄ ላይ ነበር። መጨረሻውን አየሁ፣ አሥራ አራትን አየሁ፣ ተቆጣሁ፣ ጣልሁት። ወደ ላይ አንድ መስመር ብቻ ባነብ ኖሮ ያነሣሃት አንድ እንደሌለች አይ ነበር። በአንድ መስመር መልስ እጽፍልህ ነበር። እኔ ግን መጨረሻው ብቻ ስሕተት መስሎኝ፣ ሊወጣ የሚችለውን ሁሉ ደርድሬ ላክሁልህና ከእንግዲህ አትጠይቀኝ አልሁህ። አንተም የጨመርሃትን አሥር ጥለህ ከደረደርሁልህ መካከል አንዱ ላይ አረፍህ። ሌላ ምን ታደርግ ነበር?

ስለዚህ አትምጣ። ከሠርጉ በፊትም፣ በጾሙ መግቢያም አትምጣ። ልጅህን ዳር፤ ያልበሰለውን ጠላ አጠጣቸው። እኔም አልመጣም፤ ጉልበቴ ነው ብለህ ለአያ ይርጋ ንገር፣ ግማሹ እውነት ነው።

ዛሬ ጠዋት ዘጠኙን ደቀ መዛሙርት ሰብስቤ ወረቀትህን በፊታቸው ዘረጋሁ። ያላነበብሁትን መስመር ጣቴን አስቀምጬ አሳየኋቸው። ይህን ማድረግ ከባድ ነው፤ ከበቅሎ ይከብዳል። ከመካከላቸው ይበልጣል ብዬ የማስበው "እንግዲያስ ቄስ አስረስ አልዋሹም" አለኝ። ዋሽቷል አልሁት። እውነት መሆኑን ሳያውቅ፣ ሊያመልጥበት ብሎ ነው የተናገረው።

ስለዚህ ዋሸሁ ብለህ ለንስሓ አባትህ ተናዘዝና ቀኖናህን ተቀበል። ያ በአንተና በእሱ መካከል ነው፤ እኔ አልገባበትም። ጽጌረዳን ግን መልስ ነፍገህ እንዳትድራት። እስከ እሑድ ሦስት ቀን አለህ። አጠገብህ አስቀምጣትና፣ አዎ ልጄ፣ እሳቸው ናቸው በላት።

መሪጌታ ወልደሚካኤል